እጅጌው ውስጥ የሰፋሁት ጨርቅ

ጡረታ ከወጣሁ አራት ወር ሆነኝ። ሃያ አንድ ዓመት ሙሉ ካሊፎርኒያ፣ ሳን ሆዜ መሃል ከተማ ባለ አንድ ቲያትር ቤት፣ ከመጋረጃ ጀርባ ቆሜ ተዋንያን ሳለብስ ኖሬያለሁ። ሥራው በእንግሊዝኛ ድሬሰር ይባላል፤ እኔ አልባሽ እለዋለሁ። ቤተ ክርስቲያን የሚያገኙኝ ሰዎች ቲያትር ቤት እንደምሠራ ስነግራቸው ወይ ተዋናይ ወይ ትኬት ቆራጭ እመስላቸዋለሁ። አልፈርድባቸውም። የእኛ ሥራ በደንብ ሲሠራ ጨርሶ አይታይም።

ስለ ራሴ ብቻ ቢሆን ሁለት ገጽ የሚሞላ ነገር የለኝም። ብዕር ያነሳሁት ሚስተር ሃዋርድ ፔንሮክ ስለሚባሉ አንድ እንግሊዛዊ ተዋናይና እሳቸው ላይ ስላደረስኩት ነገር ለመጻፍ ነው።

አዲስ አበባ ልብስ ሰፊ ነበርኩ፤ ሙያውን የተማርኩት ከአባቴ ነው። ዲቪ ደርሶኝ ከባለቤቴ ከዘነበችና ከልጃችን ከሳራ ጋር ኦክላንድ ስንገባ አርባ ዓመት አልፎኝ ነበር። መጀመሪያ መኪና ማቆሚያ ሠራሁ። ቀጥሎ ፍሩትቬል በሚባል ሰፈር፣ ባቡር ጣቢያው አጠገብ፣ አንድ ላውንደሪ ውስጥ ሱሪ ማሳጠርና ዚፕ መቀየር ጀመርኩ። ሚስተር ፔንሮክን ያገኘሁት እዚያ ነው።

ከነዋጋ ወረቀቱ ያለ አዲስ ቡናማ ኮት ይዘው መጡና «ይህን ኮት ሃያ ዓመት የተለበሰ ልታስመስልልኝ ትችላለህ?» አሉኝ። የላውንደሪው ባለቤት ሳቀ። እኔ ግን ሰውየው የምራቸውን መሆኑን ከፊታቸው አይቻለሁ።

«የሚለብሰው ሰው ሥራው ምንድን ነው?» አልኳቸው።

«የትምህርት ቤት ዘበኛ።»

«የበሩን ቁልፍ የሚይዘው በየትኛው ኪሱ ነው?»

ከዚያ የደንበኛ ወንበር ስበው ተቀመጡ። «አላሰብኩበትም» አሉ። «እስቲ አብረን እናስብበት።»

ሦስት ቀን ፈጀብኝ። የቀኝ ኪሱን አርጥቤ ድንጋይ ሞላሁበትና ሰቀልኩት፤ ተንጠልጥሎ ቀረ። ክርኑን በብርጭቆ ወረቀት ፈገፈግሁት። አንገትጌው ላይ ላብ የሚመስል ነገር በሻይ አጠቆርኩ። አንዱን አዝራር ነቅዬ በማይመሳሰል ክር መልሼ ሰፋሁት። ሲቀበሉኝ መጀመሪያ ያዩት ያንን አዝራር ነው።

«ይሄ ለምንድን ነው?»

«ሚስቱ የሞተችበት ሰው ከሆነ አዝራሩን ራሱ ነው የሚሰፋው» አልኳቸው። «ያገኘውን ክር ነው የሚጠቀመው።»

ኮቱን አጣጥፈው ደረታቸው ላይ ያዙት። የእሳቸውም ባለቤት ከሁለት ዓመት በፊት ማረፋቸውን ያወቅኩት ኋላ ነው። በሳምንቱ ስልክ ደወሉልኝ፤ ቲያትር ቤታቸው አልባሽ ይፈልግ ነበርና ለስቴጅ ማናጀሯ ስሜን ሰጥተዋት ኖሯል።

ስቴጅ ማናጀሯ ዴኒዝ ትባላለች። ትርኢቱን ከጀርባ የምትመራው እሷ ናት። ያኔ ገና ወጣት ብትሆንም ስትናገር ሁሉም ዝም ይላል። ኢንተርቪው ያደረገችኝ ልብስ ስትቆጥር፣ ቆማ ነው። «መድረክ ጀርባ ሦስት ነገር አይደረግም» አለችኝ። «አይሮጥም፣ አይወራም፣ ከእኔ የሚደበቅ ነገር አይኖርም።» እሺ አልኩ። ደሞዙ ከላውንደሪው ብዙም አይበልጥም፤ ግን ኢንሹራንስ ነበረው። ከኦክላንድ ሳን ሆዜ ያለው ትራፊክ ዕድሜዬን በላው እንጂ በሥራው አንድም ቀን ተጸጽቼ አላውቅም።

ሚስተር ፔንሮክ የሰሜን እንግሊዝ ሰው ናቸው፤ አባታቸው የአውቶቡስ ሾፌር ነበሩ። በአሥራ ሰባት ዓመታቸው ከአንድ ተዘዋዋሪ የቲያትር ቡድን ጋር ከቤት ወጡ። ከዚያ በኋላ ለሃምሳ ዓመት ያህል በር ከፋች አሽከር፣ ቄስ፣ የሰፈር ሐኪም፣ ሰካራም መቶ አለቃ፣ የጠበቃ ጸሐፊ ሆነው ሠሩ። ለአንድ ትርኢት ካሊፎርኒያ መጥተው ሚስት አገኙና ቀሩ። ቴሌቪዥን ላይም ብዙ ጊዜ ታይተዋል፤ ግን በር ከፍተው «ይግቡ» የሚሉት እሳቸው ናቸው እንጂ የሚገባው ሌላ ሰው ነው። መንገድ ላይ ሰዎች እያስቆሙ «የት ነው የማውቅዎት?» ይሏቸዋል። አንድ ቀን አብረን ምሳ ስንበላ አንድ ያገራችን ሰው መጥቶ «ባንክ ቤት አልነበሩም? ብድሬን የጨረሱልኝ እርስዎ ነዎት» ብሎ ድርቅ አለ። እሳቸው ተነስተው ጨበጡትና «ቤቱ እንዴት ሆነ?» አሉት። ሰውየው ደስ ብሎት ሄደ።

ከእሳቸው የተማርኩት ብዙ ነው። ትርኢቱ ሊጀመር ሁለት ሰዓት ሲቀረው ይመጣሉ። የሚያጸዱትን ሴቶች በየስማቸው ሰላም ይላሉ። አንገትጌያቸውን ራሳቸው ያጥባሉ። አዲስ ሥራ ሲሰጣቸው መጀመሪያ የሚጠይቁኝ ጫማውን ነው፤ ጫማውን እቤታቸው ወስደው ሳምንት ይሄዱበታል። ድርሻቸው አራት መስመር ብቻ ቢሆንም የተውኔቱን ጽሑፍ ከዳር እስከ ዳር ያነቡታል። አንዴ ለምን ብዬ ጠየቅኳቸው።

«እኔ መድረክ ላይ ብዙውን ጊዜ የምሠራው መስማት ነው» አሉኝ። «ምን እንደሚባል ካላወቅኩ እንዴት እሰማለሁ?»

እንግሊዝኛ አንተና አንቱ አይለይም። እኔ ግን በልቤ ሁልጊዜ አንቱ ነበር የምላቸው።

የእኔን ሥራም የሚያከብሩት እንደዚያው ነው። መድረኩ ጎን ጨለማ ውስጥ በሠላሳ አምስት ሰከንድ ሰው ሙሉ በሙሉ ማልበስ ቀላል እንዳይመስላችሁ። ሱሪው ጫማው ዙሪያ ተከምሮ ይጠብቃል፤ ሰውየው እግሩን ሲከት ወደ ላይ ትስበዋለህ። ሸሚዝና ሰደርያው አንድ ላይ የተሰፋ ነው፤ አዝራሩ ለዓይን እንጂ የሚይዘው ከሥሩ ያለው ማጣበቂያ ነው። ትንሿን ባትሪ በጥርስህ ትይዛለህ። ላብ የጠጣ ልብስ በየቀኑ ስለማይታጠብ ቮድካ ትረጭበታለህ፤ ሽታውን ይወስደዋል። በዐቢይ ጾም ሁለት ጠርሙስ ቮድካ ገዝቼ ስወጣ አንዲት የደብራችን እናት በር ላይ አገኙኝ። «ለልብስ ነው» አልኳቸው። እስከ ፋሲካ ሲጸልዩልኝ ከረሙ።

አሥራ ሁለት ዓመት እንዲህ አብረን ሠራን።

ከዚያ ቲያትር ቤቱ መርከቡ ስለሰጠመበት አንድ አዛውንት ካፒቴን የሚተርክ ተውኔት አዘጋጀ። ካፒቴኑ መርማሪዎች ፊት ቆሞ፣ ያለ ማንም እገዛ፣ በጣም ረጅም ንግግር ያደርጋል። ሚስተር ፔንሮክ የካፒቴኑ ተተኪ ሆነው ቃሉን እንዲያጠኑ ተመደቡ፤ ዋናው ተዋናይ ካልታመመ በቀር መድረክ አይወጡም ማለት ነው። ትርኢቱ በተጀመረ በሁለተኛው ሳምንት ዋናው ተዋናይ ከደረጃ ወድቆ እግሩ ተሰበረ። ሚስተር ፔንሮክ ያኔ ሰባ አራት ዓመታቸው ነው። መሪ ተዋናይ ሆነው ሲሠሩ በሕይወታቸው የመጀመሪያቸው ነበር።

እኔ አንድ ነገር ካስተዋልኩ ወራት አልፈውኝ ነበር። በሌላ ሰው ስም ይጠሩኛል፤ ድሮ እንግሊዝ አገር ያለብሳቸው የነበረ ሰው ስም ነው። የጠየቁኝን መልሰው ይጠይቁኛል። አንድ ቀን መልበሻ ክፍላቸው ገብቼ ግራ ጫማቸውን እጃቸው ላይ ይዘው ተቀምጠው አገኘኋቸው። የያዙት ነገር ለምን እንደሚሆን የጠፋባቸው ይመስሉ ነበር።

በተተኩበት ቀን በሩን ዘጉና «ጌታሁን፣ ቃላቱ ይመጣሉ» አሉኝ። «ግን ዘግይተው ነው የሚመጡት። የንግግሩን መነሻ መነሻ ብቻ የሆነ ቦታ ባየው ሌላውን አገኘዋለሁ።»

«ለዴኒዝ እንንገራት» አልኳቸው።

«ከነገርናት ድርሻውን ትወስድብኛለች። ልክ ናት፤ መውሰድም አለባት።» ቀና ብለው አዩኝ። «ሃምሳ ዓመት በር ከፍቻለሁ። አንዴ ልግባ።»

ምን ማለት እንደነበረብኝ ዛሬ አውቃለሁ። ያን ቀን ግን ነጭ ጨርቅ ቆርጬ የንግግሩን መነሻዎች በደማቅ ቀለም ጻፍኩበት፤ ከካፒቴኑ ኮት የግራ እጅጌ ገበር ውስጥ በአራት ስፌት ያዝኩት። እጃቸውን ወደ ደረታቸው ሲያጥፉ ለእሳቸው ብቻ ይታያል። ካፒቴኑ በትርኢቱ ላይ ውሃ ስለሚደፋበት አንድ ዓይነት ኮት ሁለት ነበረን፤ ዛሬ የራሰው ሲደርቅ ነገ ሌላው ይለበሳል። ስለዚህ ጨርቁን በየቀኑ ከአንዱ ፈትቶ ወደ ሌላው ማዛወር የእኔ ድርሻ ሆነ።

አምስት ትርኢት አለፈ። እንደዚያ ሲሠሩ አይቻቸው አላውቅም። ካፒቴኑ ሲናገር አዳራሹ ውስጥ ሳል እንኳ አይሰማም። አንድ ከሰዓት ዴኒዝ ወረቀቷን አስቀምጣ ዓይኗን ስትጠርግ አየኋት። ትክክል ያደረግኩ መሰለኝ።

ስድስተኛው ትርኢት እሁድ ከሰዓት ነበር። ቅዳሴ እንዳለቀ ከኦክላንድ ተነሳሁ፤ መንገድ ላይ መኪኖች ተጋጭተው ቆመን ቀረን። ስደርስ ሰዓቱ አልፏል። እየሮጥኩ ገባሁ፤ ጫማውን፣ ባርኔጣውን፣ ኮቱን አዘጋጅቼ አለበስኳቸው። እጄ ሁሉንም ነገር ያደረገ መስሎኝ ነበር።

የንግግሩ ጊዜ ደረሰ። ሚስተር ፔንሮክ ወደ ፊት ወጡ፤ ግራ እጃቸውን ወደ ደረታቸው አጠፉ፤ እጅጌያቸውን አዩ። እንደገና አዩ። ከዚያ ቀስ ብለው ፊታቸውን እኔ ወደቆምኩበት ጎን መለሱ።

እኔ የትናንቱን ኮት አቅፌ ቆሜ ነበር። ጣቴን እጅጌው ውስጥ ስከት ጨርቁ እዚያው አለ።

እስከ ዛሬ የሚያንገበግበኝ ጨርቁን መርሳቴ ብቻ ቢሆን ይቀለኝ ነበር። ስፌቱን በጥርሴ በጥሼ ጨርቁን አወጣሁት። በባትሪዬ አበራሁበት። የመጀመሪያው ቃል በራሴ እጅ ተጽፏል፤ አነበዋለሁ። እሳቸው ከእኔ ስድስት እርምጃ አይርቁም፤ ብናገረው ይሰሙኛል። ግን አዳራሹ ሙሉ ነው፤ ጸጥ ብሏል፤ የእኔም እንግሊዝኛ እንግሊዝኛዬ ነው። ፊተኛው ወንበር ያሉት ይሰሙኛል፣ ይስቃሉ ብዬ ፈራሁ። አፌን ከፈትኩ፤ ድምፅ አልወጣም። እሳቸው እያዩኝ እኔ ቃሉን እጄ ላይ ይዤ ዝም አልኩ።

አንድ ሰው ከኋላ ሳቀ። ሚስተር ፔንሮክ የካፒቴኑን ባርኔጣ አወለቁና ሕዝቡን እጅ ነሱ። «ይቅርታ አድርጉልኝ» አሉ፤ በራሳቸው ድምፅ። ከዚያ ቀስ ብለው ተራምደው ወጡ። መጋረጃው ተዘጋ።

ዴኒዝ መልበሻ ክፍላችን ስትገባ ጨርቁ አሁንም እጄ ላይ ነበር። ተቀበለችኝና አነበበችው።

«ይህን የሰፋው ማን ነው?» አለች።

መርፌዬ ደረቴ ላይ እንደተሰካ ነው። አፌን ሳልከፍት ሚስተር ፔንሮክ ከወንበራቸው ሳይነሱ «እኔ ነኝ» አሉ። «ጌታሁን አሁን ነው ኮቱ ውስጥ ያገኘው።»

ዴኒዝ ወደ እኔ ዞረች። «እውነት ነው?»

ቤቴ ትዝ አለኝ፤ የሳራ ኮሌጅ፣ የዘነበች ሕክምና፣ ኢንሹራንሱ። ምክንያት ሞልቶ ነበር። አንገቴን ነቀነቅሁ። እውነት ነው ማለቴ ነበር።

ሚስተር ፔንሮክ ከዚያ ቀን ወዲያ መድረክ አልወጡም። የሃምሳ ዓመት ሥራቸው የተዘጋው በዚያ ይቅርታ ነው። እኔ ደግሞ እዚያው ዘጠኝ ዓመት ሠራሁ፤ ሽልማትም ተሰጠኝ፤ አዳዲስ አልባሾችንም አሠለጠንኩ። እሳቸውን መጀመሪያ በየሳምንቱ እየሄድኩ እጠይቃቸው ነበር። ስለዚያ እሁድ ግን አንድም ቀን አላነሳሁም፤ እሳቸውም አላነሱም። የወንድማቸው ልጅ እዚሁ ካሊፎርኒያ፣ ዳብሊን የምትባል ከተማ ያለ የአረጋውያን መጦሪያ ስታስገባቸው መንገዱ ራቀ ብዬ መሄዱን አሳነስኩት። የራቀው መንገዱ አልነበረም።

የመጨረሻ የሥራ ቀኔ ዕለት ኬክ ቆረጡልኝ። ሰው ሁሉ ሲበተን ዴኒዝን ወደ ልብስ ክፍሉ ጠራኋትና ሁሉንም ነገርኳት። ጸጉሯ ሸብቷል። አላቋረጠችኝም።

«ያኔውኑ አውቄያለሁ» አለችኝ ስጨርስ። «ሃዋርድ እጁ ይንቀጠቀጥ ነበር። መርፌ ውስጥ ክር ማስገባት የማይችል ሰው ያንን አይሰፋም።»

«ታዲያ ለምን ዝም አልሽ?»

«በማግስቱ ቢሮዬ መጣ። ‹አንድ ሰው መውጣት ካለበት አንድ ሰው ይበቃል› አለኝ። ‹ጌታሁን ገና ብዙ ሰው ያለብሳል› አለኝ።» መስቀያዎቹን አስተካከለች። «ተቆጥቼብህ ነበር፤ ብዙ ጊዜ። ትነግረኛለህ ብዬ ስጠብቅ ጊዜው ሄደ። ለእሱስ ነግረኸዋል?»

«አልነገርኳቸውም።»

«እንግዲህ የቀረህ ሥራ እሱ ነው» ብላኝ ወጣች።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ጠዋት ሳራ ዳብሊን ወሰደችኝ። መንገድ ላይ ምን ልነግራቸው እንደምሄድ አወራኋት። አማርኛ ትሰማለች፤ የምትመልሰው ግን በእንግሊዝኛ ነው። «ዳድ፣ ሂ ዎንት ሪሜምበር» አለችኝ፤ አያስታውሱትም ማለቷ ነው። «እኔ አስታውሳለሁ» አልኳት። ስታወርደኝ እጄን ጨበጥ አደረገችኝ።

ሚስተር ፔንሮክ ፀሐይ የገባበት ክፍል ውስጥ፣ አትክልቱን እያዩ ተቀምጠዋል። ከስተዋል። ስሜን ነገርኳቸው፤ በትሕትና ራሳቸውን ነቀነቁ እንጂ እንዳላወቁኝ ገባኝ።

«ሚስተር ፔንሮክ፣ የዚያን እሁድ መድረክ ላይ…» ብዬ ጀመርኩ።

«ማን ነው መድረክ ላይ የነበረው?» አሉኝ።

ምን ልበል? «አንድ ተዋናይ» አልኩ። «አብሬው እሠራ ነበር።» እንደ ሌላ ሰው ታሪክ አድርጌ ከመጀመሪያው አወራሁላቸው፤ ስለ ኮቶቹ፣ ስለ ጨርቁ፣ ስለ ዝምታዬ፣ አንገቴን በሐሰት ስለ መነቅነቄ። ዓይናቸውን ከእኔ አልነቀሉም። ስንት ዓመት ከመድረክ ጎን ሆኜ ሲያዳምጡ አይቻቸዋለሁ፤ እኔን እንዲያ ሲያዳምጡኝ ግን የመጀመሪያዬ ነበር።

«ሰውየው ሲወጣ ሮጠ?» አሉኝ።

«አልሮጠም። ባርኔጣውን አውልቆ እጅ ነሳ፤ ቀስ ብሎ ወጣ።»

«ጎበዝ» አሉ። «ከባድ ነው እኮ።» ትንሽ አሰቡ። «ተቀይሞሃል?»

«አላውቅም። ጠይቄው አላውቅም።»

«ለምን?»

«ፈርቼ።»

«ጠይቀው እንጂ» አሉኝ፤ ቀላል ነገር አድርገውት።

ወንበሬን ወደ እሳቸው ጠጋ አደረግሁ። «ሚስተር ፔንሮክ» አልኳቸው፣ «ተቀይመውኛል?»

ረጅም ጊዜ አዩኝ። ማንን እንዳዩ አላውቅም። ከዚያ ቀዝቃዛ እጃቸውን እጄ ላይ አሳረፉ።

«አንተን?» አሉኝ። «በፍጹም።»

የመለሱልኝ ሚስተር ፔንሮክ ይሁኑ፣ ወይም ማንም ቢጠይቃቸው እንዲያ የሚመልሱ ደግ ሽማግሌ፣ እርግጠኛ መሆን አልችልም። ብዙ አሰብኩበት። መልሱን ግን ተቀበልኩት። ምሳቸው ሲመጣ ማንኪያውን አቀበልኳቸው፤ በልተው እስኪጨርሱ አጠገባቸው ተቀምጬ ቆየሁ።